አንብቦ ሲኒማ የሚገባ ሕዝብ፦ የማላያላም ፊልም ከባህሉ ጋር ያለው ሙግት

አገራችን ውስጥ «የህንድ ፊልም» ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው በሙምባይ ከተማ በሂንዲ ቋንቋ የሚሠራውን፣ ዘፈንና ውዝዋዜ የማያጣውን ሲኒማ ነው። ህንድ ግን አንድ ወጥ ሲኒማ የላትም፤ ታሚሉም፣ ቴሉጉውም፣ ቤንጋሊውም የየራሱ አምራች፣ የየራሱ ኮከብና የየራሱ ተመልካች አለው። ከእነዚህ መካከል በደቡብ ምዕራብ ጠረፍ በምትገኘው በኬረላ ግዛት የሚነገረው የማላያላም ቋንቋ ሲኒማ በገንዘብ አቅም ከሙምባይ ጋር ባይተካከልም፣ ከሥነ ጽሑፍ፣ ከሃይማኖታዊ ሥርዓትና ከባህላዊ ትዕይንት ጋር ባለው ቅርበት ተለይቶ ይታወቃል። ይህ ቅርበት ብዙ ጊዜ «ባህልን ያንጸባርቃል» ተብሎ በአጭሩ ይታለፋል። ፊልሞቹን ቀረብ ብሎ ላያቸው ሰው ግን ነገሩ ወደ ሙግት ያደላል። የኬረላ ፊልም ሠሪ ልብ ወለዱን፣ የጀግና ታሪኩንና የቤተ መቅደሱን ሥርዓት ይወስዳል፤ ከወሰደ በኋላ ማን እንደተረከው፣ ማን እንደተጠቀመበትና ማን ከደጅ እንደቀረ ይጠይቃል።

የዚህ ጠባይ መነሻው ተመልካቹ ነው። ኬረላ የማላያላም ተናጋሪዎችን በአንድ ግዛት ሥር ሰብስባ የተቋቋመችው እ.ኤ.አ. በ1956 ሲሆን (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) በዓመቱ ሕዝቧ በምርጫ ኮሙኒስቶችን ለሥልጣን አብቅቷል። በ2011 በተደረገው የሕዝብ ቆጠራ ማንበብና መጻፍ የሚችለው ነዋሪ 94 በመቶ ያህል ነበር፤ ይህም ከህንድ ግዛቶች ሁሉ የላቀ ነው። ቁጥሩ በአንድ ጀንበር አልመጣም። ፒ. ኤን. ፓኒከር የተባሉ መምህር በ1945 አርባ ሰባት ቤተ መጻሕፍትን በአንድ ማኅበር አስተባብረው የጀመሩት እንቅስቃሴ ወደ ገጠር መንደሮች ዘልቆ ንባብን የሠራተኛውም የገበሬውም ልማድ አደረገው። በነገራችን ላይ፣ በዐፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን በአገራችን ትምህርት ቤቶች ሒሳብና ሳይንስ ካስተማሩት ህንዳውያን መካከል ብዙዎቹ የመጡት ከዚችው ግዛት ነበር። እንዲህ ያለው ሕዝብ ወደ ሲኒማ ቤት የሚገባው ታሪኩን አስቀድሞ በሳምንታዊ መጽሔት ተከታትሎ ወይም ከቤተ መጻሕፍት ተውሶ አንብቦ ነው። ስለዚህ ፊልም ሠሪው የሚጠበቅበት ታሪኩን መንገር ብቻ አይደለም፤ ላነበበ ሰው ምን አዲስ ነገር እንደጨመረ ማሳየት አለበት።

አጀማመሩ ግን መልካም አልነበረም። በ1920ዎቹ መጨረሻ ጄ. ሲ. ዳንኤል የተባለ ወጣት ንብረቱን ሸጦ የመጀመሪያውን የማላያላም ፊልም፣ ድምፅ አልባውን «ቪጋታኩማራን» ሠራ። በጊዜው የነበረው የህንድ ድምፅ አልባ ፊልም በአማልክት ታሪክ የተሞላ ሲሆን ዳንኤል የመረጠው የጠፋ ልጅን የሚመለከት የቤተሰብ ታሪክ ነበር። ችግሩ የመጣው በተዋናይቱ በኩል ነው። ፒ. ኬ. ሮዚ ሰውን በትውልዱ በደረጃ በሚከፍለው የካስት ሥርዓት ከታች ከተመደቡት ከዳሊቶች የተወለደች ስትሆን በፊልሙ ውስጥ የተጫወተችው የከፍተኛው የናየር ወገን የሆነች ሴትን ነበር። በቲሩቫናንታፑራም ከተማ ፊልሙ ሲታይ ይህን ሊታገሡ ያልቻሉ ተመልካቾች ሁከት አስነሡ፤ ሮዚም አካባቢውን ጥላ ተሰደደች፤ ዳግመኛም በፊልም አልታየችም። ከፊልሙ አንድም ቅጂ አልተረፈም። ዳንኤል በድህነት ኖሮ በ1975 ሞተ፤ ዛሬ የኬረላ መንግሥት ለፊልም ሰዎች የሚሰጠው ከፍተኛ ሽልማት በስሙ ይጠራል። ሁለተኛው ፊልም በ1933 ከሲ. ቪ. ራማን ፒላይ ታሪካዊ ልብ ወለድ ተወስዶ ቢሠራም በመጽሐፉ የባለቤትነት መብት ክርክር ምክንያት ብዙም ሳይታይ ከሲኒማ ቤት ወጣ። ሁለቱን ታሪኮች ጎን ለጎን ያስቀመጠ ሰው የዚህን ሲኒማ ሁለት ዋና ጉዳዮች፣ ካስትንና ሥነ ጽሑፍን፣ ገና ከመነሻው ያገኛቸዋል።

ሲኒማው በእግሩ የቆመው በ1950ዎቹ ነው። ዘመኑ የግራ ክንፍ ደራሲያን የነገሡበት ነበር፤ በ1950 የተቋቋመው ኬ.ፒ.ኤ.ሲ. የተባለው የሕዝብ የኪነ ጥበብ ክበብ የመሬት ጥያቄን የሚያነሱ ተውኔቶችን ከመንደር መንደር እያዞረ ያሳይ ነበር። ከዚያ መድረክ የወጡ ዜማ ደራሲዎች፣ ገጣሚዎችና ተዋንያን ወደ ፊልም ተሻገሩ። በ1954 ፒ. ባስካራንና ራሙ ካሪያት ያዘጋጁት «ኒላኩዪል» አንድ የከፍተኛ ካስት መምህር ከአንዲት ዳሊት ሴት ወልዶ የሚክድበትን ታሪክ ያነሣል፤ ጽሑፉን ያዘጋጀው ኡሩብ የተባለው ታዋቂ ልብ ወለድ ጸሐፊ ሲሆን ዜማዎቹ የተቀዱት ከገጠር ሕዝባዊ ዘፈኖች ነው። እስከዚያ ድረስ የፊልም ዘፈን የሂንዲና የታሚል ዜማ ላይ የማላያላም ግጥም መለጠፍ ነበር። ከዚህ በኋላ እንደ ቫያላር ራማቫርማና ኦ. ኤን. ቪ. ኩሩፕ ያሉ፣ በመጽሐፍ ግጥማቸው የተከበሩ ሰዎች ለፊልም መጻፍን እንደ ውርደት አልቆጠሩትም። ኩሩፕ በኋላ የአገሪቱን ከፍተኛ የሥነ ጽሑፍ ሽልማት አግኝተዋል።

ከዚያ ትውልድ በውጭም በውስጥም ስሙ የገነነው በ1965 የወጣው «ቼሚን» ነው። መነሻው ታካዢ ሺቫሻንካራ ፒላይ በ1956 ያሳተሙት ልብ ወለድ ነው። አንዲት የዓሣ አጥማጅ ልጅ አንድ ሙስሊም ነጋዴ ትወድዳለች፤ አባቷ ጀልባ ለመግዛት ከዚያው ነጋዴ ብር ይበደርና ቃሉን ያጥፋል፤ እርሷም ለሌላ ዓሣ አጥማጅ ትዳራለች። ታሪኩን የተሸከመው «የባሕር እናት» በሚባለው እምነት ላይ የቆመ ሕግ ነው፦ ባል በባሕር ላይ ሳለ በሕይወት የሚጠብቀው የሚስቱ ንጽሕና ነው፤ እርሷ ከሳተች ባሕሩ ይውጠዋል። ፊልሙ ይህን እምነት በቀለምና በዜማ አስውቦ ያሳያል፤ መጨረሻውም እንደ እምነቱ ይፈጸማል። ነገር ግን የአባትየው ስግብግብነት ከልጅቱ ፍቅር እኩል ቦታ ስለተሰጠው፣ ተመልካቹ ጥፋቱን ያመጣው የሴት መሳት ነው ወይስ የዕዳ ክህደት የሚል ጥያቄ ውስጥ ይገባል። ፊልሙ የፕሬዚዳንቱን የወርቅ ሜዳልያ ያገኘ የመጀመሪያው የደቡብ ህንድ ፊልም ሆነ። ሙዚቃውን የደረሰው ሳሊል ቻውዱሪና ፊልሙን ያቀናበረው ኤዲተር ሪሺኬሽ ሙከርጂ ሁለቱም ቤንጋሊዎች መሆናቸው ደግሞ አካባቢያዊ ሲኒማ በአካባቢ ሰዎች ብቻ ይሠራል የሚለውን ሐሳብ ፉርሽ ያደርገዋል።

ስለ ማላያላም ሲኒማ ሲነሣ የኤም. ቲ. ቫሱዴቫን ናየር ስም ሳይጠራ አያልፍም። በ2024 ዲሴምበር ያረፉት እኚህ ደራሲ በልብ ወለዳቸውም በፊልም ጽሑፋቸውም የተመላለሱበት ዓለም «ታራቫድ» የሚባለው ትልቅ የቤተሰብ ግቢ ነው። በናየሮች ዘንድ ዘር የሚቆጠረው በእናት በኩል ነበር፤ ንብረቱ የእናትየው ወገን ሁሉ የጋራ ሲሆን የሚያስተዳድረው አንጋፋው አጎት ነበር። ልጅ የሚወርሰው ከአባቱ ቤት ሳይሆን ከእናቱ ቤት ነው። ይህ ሥርዓት በዘመናዊ ሕግ፣ በቤተሰብ ክፍፍልና በ1970 ሥራ ላይ በዋለው የመሬት ማሻሻያ እየተሸረሸረ ሄዶ በ1970ዎቹ አጋማሽ በወጣ ሕግ ጨርሶ ቀረ። የዚያ ትውልድ ደራሲያን ያደጉት በሚፈርስ ቤት ውስጥ ነው። ትዝታውም ቁጭቱም ከዚያ ይመነጫል።

ኤም. ቲ. ራሳቸው ያዘጋጁት «ኒርማልያም» (1973) ሥርዓቱ ሲፈርስ ከታች ያለው ሰው ምን እንደሚደርስበት ያሳያል። ዋናው ገጸ ባሕርይ «ቬሊቻፓድ» ነው፤ ይኸውም የአምላክ መንፈስ ሲያድርበት ማጭድ የመሰለ ሰይፍ ይዞ እየጨፈረ ለሕዝቡ ቃል የሚያሰማ የመንደር ቤተ መቅደስ አገልጋይ ነው። ባለጸጎቹ ቤተ መቅደሱን ረስተውታል፤ ገቢ የለም፤ ልጁ የተቀደሰውን ሰይፍ ለቁርጥራጭ ብረት ነጋዴ ሊሸጥ ይሞክራል፤ ሚስቱም ልጆቿን ለማብላት ራሷን ለአበዳሪ አሳልፋ ትሰጣለች። በመጨረሻ፣ ለዓመታት የቀረው በዓል ሲከበር፣ ሰውየው እንደ ልማዱ ይጨፍራል፣ ግንባሩን በሰይፍ ይመታል፣ ከዚያም ደም የሞላ አፉን በጣዖቱ ፊት ላይ ይተፋና ወድቆ ይሞታል። ሥርዓቱ ከልብሱ እስከ ከበሮ ምቱ በጥንቃቄ ተቀርጿል፤ ክርክሩም የሚካሄደው በዚያው ሥርዓት ውስጥ እንጂ ከውጭ በሚሰበክ ቃል አይደለም። ፊልሙ የዓመቱን የአገሪቱን ምርጥ ፊልም ሽልማት፣ ተዋናዩ ፒ. ጄ. አንቶኒም የምርጥ ተዋናይን ሽልማት አገኙ። ዛሬ ያ የመጨረሻ ትዕይንት ያለ ከባድ ተቃውሞ ለሕዝብ ሊቀርብ መቻሉን እጠራጠራለሁ።

ኤም. ቲ. ተመሳሳይ ሥራ በሥነ ቃል ላይም ሠርተዋል። በሰሜን ኬረላ ለዘመናት ሲዜሙ የኖሩ የጀግና ቃል ግጥሞች ቻንቱ የተባለውን ተዋጊ ከሃዲ ይሉታል፤ የአጎቱ ልጅ ለፍልሚያ ሲወጣ የሰይፉን የብረት ማያያዣ በእንጨት አስለውጦ እንዲሰበር አደረገ፣ ኋላም ገደለው ይላሉ። በ1989 በሃሪሃራን አዘጋጅነት የወጣው «ኦሩ ቫዳካን ቪራጋታ» ግን ያንኑ ታሪክ ከቻንቱ አፍ ያሰማናል፤ በዚህ ትረካ ቻንቱ በዘመዶቹ የተገፋ፣ በሚወድዳትም ሴት የተከዳ ሰው ነው። ዘፈኑን ከልጅነቱ ጀምሮ በቃሉ የሚያውቅ ተመልካች ባይኖር ኖሮ ይህ ግልበጣ ምንም ትርጉም ባልኖረው ነበር።

ቻንቱን የተጫወተው ማሙቲ በዚያው ሽልማት ዘመን ሌላ ሚናም ተደምሮለት የአገሪቱ ምርጥ ተዋናይ ተባለ። ሁለተኛው ሚና ደራሲው ቫይኮም ሙሐመድ ባሺር ራሱ ነው። ባሺር በቅኝ ግዛት ዘመን በጽሑፉ ምክንያት ታስሮ ነበር፤ የእስር ቤቱን ሕይወት «ማቲሉካል» (ግድግዳዎች) በሚል አጭር ልብ ወለድ ጽፎታል። አዱር ጎፓላክሪሽናን ወደ ፊልም የለወጡት ይህንኑ ነው። እስረኛው በግቢው ውስጥ ጽጌረዳ እየተከለ ሳለ ከከፍተኛው ግድግዳ ማዶ፣ ከሴቶች እስር ቤት፣ አንዲት ሴት ስታናግረው ይሰማል። ናራያኒ ትባላለች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ፍቅራቸው በድምፅ ብቻ ይቀጥላል፤ መምጣቷን የምታስታውቀው ደረቅ ጭራሮ ወደ ላይ ወርውራ ከግድግዳው በላይ እንዲታይ በማድረግ ነው። በሐኪም ቤቱ በኩል ሊተያዩ ቀን ይቆርጣሉ፤ በዚያው ቀን እርሱ መፈታቱ ይነገረዋል፤ ነፃነቱንም ማን ፈለገው ይላል።

አዱር እዚህ ላይ የወሰኑት ውሳኔ የሥነ ጽሑፍና የፊልም ልዩነት ምን እንደሆነ ከማንኛውም ንድፈ ሐሳብ በላይ ያስረዳል። ሴቲቱን አንድም ጊዜ አላሳዩም። በመጽሐፍ ውስጥ ያልታየች ሴትን አንባቢው በቀላሉ ይሥላታል፤ በፊልም ግን ካሜራው ግድግዳውን ተሻግሮ ማሳየት እየቻለ አለማሳየቱ ተመልካቹን ራሱን እስረኛ ያደርገዋል። የምንሰማው የኬ.ፒ.ኤ.ሲ. ላሊታን ድምፅ ነው፤ በስሟ ላይ የተቀጠለው የክበቡ ስም እንደሚያመለክተው ከዚያው የሕዝብ ተውኔት መድረክ የወጣች ተዋናይት ናት።

አዱር በ1981 በሠሩት «ኤሊፓታያም» ደግሞ የታራቫዱን መፍረስ ያለ አንዳች እንባ ያሳያሉ። የቤቱ የመጨረሻ ወራሽ ኡኒ ጥፍሩን ከመቁረጥና ጋዜጣ ከማገላበጥ ሌላ ሥራ የለውም፤ ሁሉን የምትሠራለት እኅቱ ራጃማ ናት። አንድ ቀን ሽርጡን አስተካክሎ ከቤት ይወጣል፤ መንገዱ ላይ ጥቂት ውሃ ተኝቶ ያገኛል፤ ሽርጡን ሰብሰብ አድርጎ ያመነታና ወደ ቤቱ ይመለሳል። የመሬት ባላባትነት ታሪክ በብዙ ገጽ የሚያስረዳውን አንድ የጭቃ ውሃ ያስረዳዋል። ፊልሙ ከብሪታንያ የፊልም ተቋም የሰዘርላንድን ሽልማት አግኝቷል። አዱር በ1965 ከጓደኞቻቸው ጋር ያቋቋሙት «ቺትራሌካ» የተባለው የፊልም ማኅበር የውጭ ፊልሞችን ለከተማና ለገጠር ተመልካች በማሳየት እንዲህ ያለውን ዝግተኛ ፊልም የሚታገሥ ተመልካች ማፍራቱም አይዘነጋም።

ወደ ባህላዊ ትዕይንቶቹ ስንመጣ ቀድሞ የሚጠራው ካታካሊ ነው። የካታካሊ ተዋናይ አይናገርም፤ ዘፋኞቹ ከጀርባው ታሪኩን ያዜማሉ፣ እርሱ በዓይኑ፣ በቅንድቡና በጣቶቹ ይተርከዋል። ፊቱን መቀባት ብቻ ሰዓታት ይወስዳል፤ አረንጓዴ ፊት የልዑልና የጀግና ምልክት ነው። ሻጂ ኤን. ካሩን በ1999 የሠሩት «ቫናፕራስታም» ታዋቂውን ተዋናይ ሞሃንላልን ከእናቱ በኩል ዝቅተኛ ካስት፣ አባቱ የካደው የካታካሊ ተዋናይ አድርጎ ያቀርባል። አንዲት የመሳፍንት ወገን ሴት በጥንት ታሪክ የሚወደሰውን ጀግና አርጁናን ሆኖ ሲጫወት አይታ ትወድደዋለች፤ የወደደችው ግን አርጁናን ነው፤ ቀለሙ ሲታጠብ የቀረውን ሰው አትፈልገውም። ትዕይንቱ ለሰውየው የሰጠው ክብር ከመድረኩ አይወርድም።

ቴይያም የተባለው የሰሜኑ የአምልኮ ትዕይንት ይህን ተቃርኖ ይበልጥ ያጎላዋል። በካኑርና በካሳራጎድ አካባቢ ቴይያም የሚሆኑት ባብዛኛው ከዝቅተኛ ካስቶች የተወለዱ ሰዎች ናቸው። ቀለሙን ተቀብተው፣ ግዙፉን አክሊል ደፍተው ሲወጡ ግን አምላክ ናቸውና ባለ መሬቱም ጭምር ይሰግድላቸዋል፤ ሥርዓቱ ሲያልቅ ወደ ተለመደው ቦታቸው ይመለሳሉ። ጃያራጅ በ1997 በ«ካሊያታም» የሼክስፒርን ኦቴሎ ወደዚህ ዓለም ሲያመጣው የተዋጣለት ለዚህ ነው፤ በሥራው የሚከበርና በዘሩ የሚናቅ ሰው እዚያ መፈጠር አላስፈለገውም። ጂ. አራቪንዳን ደግሞ በ1977 በ«ካንቻና ሲታ» ራማያና የተባለውን ጥንታዊ የሂንዱ ታሪክ ወስዶ የታሪኩን ጀግና ራማን የሚጫወተው ከአንድራ ጫካ ነዋሪ ጎሣ የተገኘ ሰው እንዲሆን አደረገ፤ የራማ ሚስት ሲታም በአካል አትታይም፣ በነፋስና በቅጠል ንቅናቄ እንጂ። የቤተ መንግሥት ሐር የለበሰ ራማ ማየት የለመዱ ሰዎች መቆጣታቸው አያስደንቅም።

የኬረላ ባህል የሂንዱ ብቻ እንዳልሆነም ማስታወስ ያሻል። ክርስትና እዚያ እጅግ ጥንታዊ ነው፤ በ1965 በአዲስ አበባ በተካሄደው የኦሪየንታል ኦርቶዶክስ አብያተ ክርስቲያናት ጉባኤ ከእኛዋ ቤተ ክርስቲያን ጋር ከተቀመጡት አንዷ የህንድ ማላንካራ ቤተ ክርስቲያን ነበረች። የሊጆ ጆሴ ፔሊሴሪ «ኢ.ማ.ያው.» (2018) ግን የሚወስደን ወደ ሌላኛው ክርስትና፣ በፖርቱጋሎች ዘመን ወደ ተስፋፋው የባሕር ጠረፍ ካቶሊክነት ነው። አንድ ልጅ ለአባቱ ደማቅ ቀብር ቃል ገብቶ ዝናቡም፣ ድህነቱም፣ ቄሱም እንቅፋት ይሆኑበታል። ጽሑፉ የዚያን ጠረፍ ሕይወት በልብ ወለድ ሲጽፍ የኖረው የፒ. ኤፍ. ማቲውስ ነው፤ ሳቁና ሙሾው ተለይተው አይታዩም።

የባሕረ ሰላጤው ስደት ለእኛም ቅርብ ጉዳይ ነው። ከ1970ዎቹ ጀምሮ በእያንዳንዱ የኬረላ መንደር አንድ ሰው ዱባይ ወይም ሪያድ ሆነ፤ ፊልሙም በ1980ዎቹ በሥራ አጥ ወጣቶች ቀልድ ጀምሮ በኋላ ወደ መራራ ታሪክ አደገ። በ2024 የወጣው «አዱጂቪታም» መነሻው ቤንያሚን በ2008 ያሳተመው ልብ ወለድ ሲሆን በሳውዲ በረሃ በፍየል ጥበቃ ተይዞ የቀረ ሠራተኛን መከራ ይተርካል። የውጭ ሠራተኛን ከአሠሪው ጋር በሚያስረው የከፋላ ሥርዓት ፓስፖርቱን የተነጠቀ ኢትዮጵያዊ ይህን ፊልም ለመረዳት ማብራሪያ አያስፈልገውም።

እስካሁን የተወራው ሁሉ አንድ ጎዶሎ አለው። ለረጅም ጊዜ «የኬረላ ባህል» ተብሎ በፊልም የታየው በአብዛኛው የማዕከላዊው የቫሉቫናድ አካባቢ የከፍተኛ ካስት ባህል ነበር፤ የኤም. ቲ. የትውልድ ስፍራ ዘዬ እንደ ፊልም መደበኛ ቋንቋ ተቆጠረ፣ በኦታፓላም ዙሪያ ያሉት ጥንታዊ ግቢዎችም ደጋግመው ተቀረጹ። በ1990ዎቹ ይኸው ታራቫድ የሚተችበት መሆኑ ቀርቶ ጢሙን የጠመዘዘ ጌታ የሚፎክርበት አዳራሽ ሆነ። እኔ የዚህን ሲኒማ ዝቅተኛ ዘመን የምለው ያንን ነው፤ ገበያው ግን ደርቶ ነበር።

ከ2010 በኋላ የመጡት ፊልሞች ካሜራውን ወደ ሌሎች መንደሮች፣ አፉንም ወደ ሌሎች ዘዬዎች አዞሩት። የራጂቭ ራቪ «ካማቲፓዳም» (2016) የኮቺ ከተማ ስትሰፋ መሬታቸውን ያጡ ዳሊቶችን፣ «ሱዳኒ ፍሮም ናይጄሪያ» (2018) የማላፑራምን ሙስሊም ቤተሰቦችና ለመንደር እግር ኳስ የሚመጡ አፍሪካውያንን አሳዩ። የጂዮ ቤቢ «ዘ ግሬት ኢንዲያን ኪችን» (2021) ደግሞ በአንድ የተከበረ ቤት ማድ ቤት ውስጥ ይቀመጣል። አዲሷ ሙሽራ ትከትፋለች፣ ትፈጫለች፣ ታቀርባለች፣ የተረፈውን ትጠርጋለች፤ የእቃ ማጠቢያው ቧንቧ ያፈስሳል፤ ባሏ ሠራተኛ እጠራለሁ እያለ ቀናት ያልፋሉ፤ እርሷም ቆሻሻውን ውሃ በባልዲ ስትደፋ ትኖራለች። የወር አበባዋ ሲመጣ ከማድ ቤቱም ትገለላለች። ሰዎቹ ስም የላቸውም፤ ስለዚህ ማንም ተመልካች የሌላ ቤት ታሪክ ነው ሊል አልቻለም። ፊልሙ ብዙ ቤቶች ውስጥ ጠብ እንዳስነሣ ይነገራል።

ጥያቄው ከፊልሙ ወጥቶ ወደ ኢንዱስትሪው ራሱ ተዛምቷል። በ2017 የሲኒማ ሴቶች ማኅበር ተቋቋመ፤ በዚያው ዓመት መንግሥት በዳኛ ሄማ የሚመራ አጣሪ ኮሚቴ ሰየመ፤ ኮሚቴው በ2019 መጨረሻ ያስረከበው ሪፖርት ለሕዝብ የተገለጸው በኦገስት 2024 ነው፤ በሙያው ውስጥ ሴቶች ላይ የሚደርሰውን ወሲባዊ ትንኮሳ፣ የክፍያ ልዩነትና አፍ ማዘጋትም በዝርዝር አስፍሯል። ታላላቅ ስሞች የተነሡበት ክርክርም ከዚያ በኋላ በፍርድ ቤትና በጋዜጣ ቀጠለ። የማላያላም ፊልሞችን ማየት ለሚጀምር አንባቢ የእኔ ምክር ከ«ማቲሉካል» ጀምሮ ወደ «ኒርማልያም» መመለስ፣ ከዚያም የማድ ቤቱን ፊልም ማየት ነው፤ የ1990ዎቹን የጌቶች ፊልሞች ለጊዜው ቢያልፋቸው የሚቀርበት ነገር የለም።